ሰማይና ምድር ሲደባለቅ

ከመንዝ፣ ከግሼ ወይም ከመርሐ ቤቴ የመጣን ተማሪዎች «ሰማይና ምድር ተደባለቀ» ሲባል ሳንሰማ ያደግን አይመስለንም። ነጎድጓድ ገደሉን ሲያስጮኸው፣ ጉም ሜዳውን ሲውጠው የሚነገር ቃል ነው። አዲስ አበባ ገብተን የትምህርት መጽሐፍ ከገለጥን ወዲህ ግን ቃሉን ከተረት ጋር አስቀምጠነዋል። በበኩላችን ፈጥነናል እንላለን፤ ምክንያቱን እነሆ።

የመንዝ ጎረቤት ከሆነችው ከአንኮበር እንጀምር። ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ሸዋን ሲገዙ፣ በ1835 ዓ.ም. ኅዳር መጨረሻ ገደማ፣ ሰማዩ ጠርቶ አዝመራ በሚሰበሰብበት ወራት ያለ ጊዜው ዶፍ ወረደ። መሬቱ ውኃ ጠግቦ ሳለ ተንቀጠቀጠ። የተራራው ጎን ተላቀቀ፤ ቤቱም ከነሰዉ ቁልቁል ሄደ። ከእንግሊዝ መንግሥት ተልኮ በዚያ ዘመን በሸዋ የነበረው ዊሊያም ኮርንዋሊስ ሐሪስ ስለዚህ መዓት በመጽሐፉ ጽፏል። ከላይ የሚወርደውና ከታች የሚናወጠው አንድ ለሆነበት ሰው እግዚኦታ ከማድረስ በቀር ምን ነበረው?

አሁን ወደ ምክንያቱ እንለፍ። ደጋው በብዙ ሚሊዮን ዓመታት ውስጥ ከምድር ሆድ የፈሰሰ ቅልጥ ድንጋይ እየረጋ፣ ልክ መሶብ ውስጥ እንዳለ እንጀራ ተደራርቦ የተሠራ ነው። በጠንካራው ድንጋይ መካከል ግን ልል የሆነ የአመድና የሸክላ አፈር ገብቷል። ከዚህ ክምር በስተምሥራቅ ያለው የአፋር ምድር ቀስ በቀስ ከደጋው ይርቃል። ርቀቱ በዓመት ጥቂት ሚሊሜትር ነው፤ የጥፍራችን ዕድገት እንኳ ይበልጠዋል። በዚህ መሳሳብ ምድር ተሰንጥቃ አንዱ ወገን ሲሰጥም ሌላው ቆሞ ቀረ፤ ጣርማ በር ላይ ቆመን ቁልቁል የምናየው ገደል ይህ ነው። ስንጥቁ ለረጅም ጊዜ ተይዞ ቆይቶ ድንገት ሲለቅ መንቀጥቀጥ እንለዋለን።

ሰማዩስ? ከባሕር እርጥበት ይዞ በቆላው በኩል የሚመጣው ነፋስ ይኸንኑ ገደል ሲያገኝ መሄጃ አጥቶ ወደ ላይ ይወጣል፤ ሲወጣ ይቀዘቅዛል፤ ሲቀዘቅዝ ደመናና ጉም ይሆናል። ጓሳ ላይ በቀትር ጉም ውስጥ የተጓዘ ያውቀዋል። እንግዲህ መሬቱን የሚያናውጠው ስንጥቅና ደመናውን የሚጠራው ገደል የአንድ እናት ልጆች ናቸው ማለት ነው። የአገራችን ሰው በአንድ ቃል ያጣመራቸው ያለ ነገር አይደለም።

ሁለቱ ሳይገናኙም ለየብቻቸው ያጠፋሉ። በመስከረም 1998 ዓ.ም. በደብረ ሲና አጠገብ ይዛባና ሾተል አምባ በተንሸራተቱ ጊዜ ክረምቱ ብቻውን በቃ፤ ውኃው በድንጋዩ ስንጥቅ ወርዶ ሸክላው ላይ ሲቆም ዳገቱ በራሱ ክብደት ሄደ። መርሐ ቤቴ ከስምጥ ሸለቆው ራቅ ብትልም፣ ጀማና ገባሮቹ ሥሩን የቦረቦሩት ዳገት እዚያም ይናዳል።

ምድር ብቻዋን የሠራችውን ደግሞ ማጀቴ ታውቀዋለች። በመንዝና በግሼ ደጋ ግርጌ ያለችው ይህች ከተማ በግንቦት 1953 ዓ.ም. ፈረሰች፤ ካራ ቆሬም ተጎዳች። መሬቱ በየቦታው ተሰነጠቀ፤ መንቀጥቀጡም ለወራት ተመላለሰ። ድንጋይ በጭቃ የተካበበት ግድግዳ ከብርድ ያድናል፤ ሲናወጥ ግን ይዘረገፋል። እንጨትና ጭቃ የተሠራ ቤት ይሻላል፤ ሆኖም በተራቆተው ደጋ እንጨት ከየት ይምጣ?

በዚያን ጊዜ በአራት ኪሎ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ፣ አባ ፒየር ጉዌን የተባሉ ካናዳዊ ኢየሱሳዊ ካህን ያቋቋሙት የጂኦፊዚክስ ጣቢያ ነበር። እኒህ ሰው ኋላ በ1979 እ.ኤ.አ. የኢትዮጵያንና የአፍሪቃ ቀንድን የመሬት መንቀጥቀጥ ታሪክ በአንድ መጽሐፍ አሳተሙ። መሣሪያ ከመተከሉ በፊት ላለው ዘመን ምስክራቸው ዜና መዋዕልና የመንገደኛ ማስታወሻ ነው። ጸሐፊ ባልነበረበት መንደር የደረሰው ግን ማን መዘገበው? በአያቶቻችን አፍ ላይ ነው ያለው፤ እነርሱም እያለፉ ነው።

ነገሩ ያለፈ ታሪክ ብቻ አይደለም። በ2017 ዓ.ም. በፈንታሌ አካባቢ ምድር ለሳምንታት ስትናወጥ ብዙ ሕዝብ ቀዬውን ለቀቀ፤ አዲስ አበባ ውስጥም ሰው ከአልጋው ተነሥቷል። ሳይንስ የሚንቀጠቀጥበትን ቀን አይናገርም። የሚንሸራተት ዳገት ግን ብዙ ጊዜ ምልክት ይሰጣል፤ ከቤቱ በላይ መሬቱ ይሰነጠቃል፣ ዛፉ ይዘማል፣ በር አልዘጋ ይላል፣ ምንጭ ይደፈርሳል ወይም ቦታውን ይለውጣል። ይህን ያየ ገበሬ ሌላ መሬት ከሌለው እዚያው ይተኛል፤ ምልክቱን ነግረነው ብቻ ብንመለስ ምን እንደረዳነው አናውቅም። ቢያንስ ምልክቱን አይቶ ለወረዳው የሚያመለክት፣ ዶፍ ሲበረታ ልጆቹን በጊዜ ወደ ዘመድ ቤት የሚያወጣ ይኖራል።

ስለዚህ በዚህ ክረምት አገር ቤት የምትገቡ ወንድሞችና እኅቶች ደብተር ያዙ። ሽማግሌው «ያን ጊዜ ሰማይና ምድር ተደባለቀ» ሲሉ አትሣቁ። በማን ዘመን ነበር? ዝናቡ ስንት ቀን ቀደመ? የትኛው ጎን ሄደ? ምንጩስ ከዚያ በኋላ የት ወጣ?