የእሳተ ገሞራ ጉልበት እንዴት ይለካል?



እህል በቁና ይሰፈራል። የፈነዳ እሳተ ገሞራስ በምን ይለካል? በተፋው አመድና ድንጋይ ብዛት ነው። አጥኚዎች አመዱ ያረፈበትን ቦታ ይዞራሉ። በየሥፍራው ውፍረቱን ይለካሉ። ከዚያም ጠቅላላውን ያሰላሉ። አመዱ ወደ ሰማይ የወጣበትንም ከፍታ ይመለከታሉ።

በመጨረሻ ለፍንዳታው ከ0 እስከ 8 ቁጥር ይሰጡታል። ልብ በሉ! 6 ከ5 የሚበልጠው በአንድ ብቻ አይምሰላችሁ። ከ2 ጀምሮ ወደ ላይ እያንዳንዱ ደረጃ የፊተኛው 10 እጥፍ ነው። 5ቱ አንድ ቁና ቢሆን፣ 6ቱ አሥር ቁና ነው ማለት ነው።

በፊሊፒንስ አገር ፒናቱቦ የሚባል ተራራ አለ። ሰኔ 8 ቀን 1983 ዓ.ም. በኃይል ፈነዳ። ደረጃው 6 ነበር። አጥኚዎች አስቀድመው ስላስጠነቀቁ በአሥር ሺህ የሚቆጠር ሕዝብ ሸሽቶ ዳነ። ነገር ግን በዚያው ቀን ዐውሎ ነፋስ ዝናብ ይዞ መጣ። አመዱ ውሃ ጠጥቶ ከበደ። ጣራ እየተደረመሰ ብዙ ሰው ገደለ።

ታዲያ ይህ እንደ ምድጃ አመድ ቀላል አይደለም፤ የደቀቀ ድንጋይ ነው። በአገራችንም በአፋር እሳተ ገሞራዎች አሉ። የቁጥሩን ትርጉም ያወቀ ሰው፣ «ሽሹ!» ሲባል «ቆይ፣ ልየው» አይልም።