ፖሊስና ሶንጎ፤ በአዲስ አበባና በገደብ

የቤተ ሰብ ጸጥታ በማን እንደሚጠበቅ ለማወቅ ሁለት ስፍራ እናነጻጽራለን። በቀድሞ ዘመን በአገራችን ቤት የተቃጠለ ወይም ከብት የተሰረቀ እንደ ሆነ፥ የአጥቢያው ሰው ለአውጫጭኝ ተሰብስቦ ወንጀለኛው እስኪታወቅ ድረስ ወደ ሥራው አይመለስም ነበር። ከተማ ሲሰፋ ግን ጎረቤት ጎረቤቱን አያውቅም። ስለዚህ ሎንዶን በሮበርት ፒል አሳቢነት እ.ኤ.አ. በ1829 ደንበኛ ፖሊስ አቆመች፤ አዲስ አበባም በአራዳ ዘበኛ ስትጠበቅ ኖራ በ1934 ዓ.ም. የፖሊስ አዋጅ ወጣ።

ከይርጋ ጨፌ በስተ ደቡብ ያለችው ገደብ ግን ሌላ ናት። በቡናውና በእንሰቱ መካከል ቤት ከቤት ተጠጋግቶ ስለሚኖር እንግዳ ሳይታይ አያልፍም። ጠብ ሲነሣ የጌዴኦ ሽማግሎች በሶንጎ ይቀመጣሉ፤ የከበደውም ነገር በባሌ ሥርዓት ወደ አባ ገዳው ይደርሳል። ፖሊስ የሚጠይቀው «ማን አደረገው?» ብሎ ነው፤ ሶንጎ ግን «ከእንግዲህ እንዴት አብረው ይኑሩ?» ይላል።

ነፍስ የጠፋ እንደ ሆነ ጌዴኦና ጉጂ ጎንዶሮ የሚሉት ዕርቅ አላቸው። በከተማ ገዳይ ብቻውን ይታሰራል፤ በጎንዶሮ ግን ዕዳው በዘመዶቹም ላይ ስለሚያርፍ እውነት ይገለጣል፥ ካሣ ይከፈላል፥ ከብት ታርዶ የመንጻት ሥርዓት ይፈጸማል። ገዳይን የሚሸሽግ ዘመድ ራሱን ይጎዳልና ብልሃቱን እናደንቃለን። ነገር ግን የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት ለባህል ዳኝነት የፈቀደው በባለ ጉዳዮቹ ስምምነት የግልና የቤተ ሰብ ክርክርን ነው፤ የደም ነገር የፍርድ ቤት ነው። ይህም መልካም ይመስለናል፤ በወንዶች ሸንጎ ፊት ለመናገር ለምታፍር ሴት የፖሊስ ጣቢያው በር ክፍት ሊሆን ይገባልና።

በሚያዝያና በሰኔ 2010 ዓ.ም. በጌዴኦና በጉጂ መካከል ጠብ ተነሥቶ ወደ አንድ ሚሊዮን የሚጠጋ ሕዝብ ከቤቱ ወጣ፤ ገደብም በተፈናቃዮች ተጨናነቀች። ሁለቱም ወገኖች ጎንዶሮን ያውቁ ነበር። ሽማግሌ የሚያስማማው ግን ስሙንና ዘመዱን የሚያውቀውን ሰው ነው፤ ሌሊት በጅምላ መጥቶ ቤት ያቃጠለውን በምን ይለየዋል? ገዳዩ ያልታወቀበትስ ቤተ ሰብ ካሣውን ከማን ይቀበላል? እንዲህ ባለው ነገር መርማሪው አስቀድሞ ስም በስም ለይቶ መያዝ ያሻዋል፤ ሽማግሎቹም ለዕርቅ የሚቀመጡት ከዚያ በኋላ ነው።