ተሸናፊው ያቆየው ፉክክር

ሥራዬ ደም መቅዳት ነው። የኦሃዮ ዋና ከተማ በሆነችው በኮሎምበስ ከለጋሾች ደም ከሚቀበሉ ነርሶች አንዷ ነኝ። ወንበሩ ላይ ጋደም ያለ ሰው ማውራት ይወዳል፤ እኛም እናበረታታዋለን፣ የሚያወራ ሰው ዓይኑ መርፌው ላይ አይተከልምና። ዓመቱን ሙሉ ወሬው ስለ ልጆች፣ ስለ ቤት ኪራይ፣ ስለ አየሩ ነው። ኅዳር ሲገባ ግን ሌላው ሁሉ ይቀርና ሰው የሚያወራው አንድ ነገር ብቻ ይሆናል፤ የኦሃዮ ስቴት ዩኒቨርሲቲ ከሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ ጋር የሚያደርገው የአሜሪካ ፉትቦል ግጥሚያ።

ለእንግዳ ሰው ይህ የተማሪዎች ጨዋታ ነው። ሁለቱ ስታዲየሞች እያንዳንዳቸው ከ100 ሺህ በላይ ተመልካች እንደሚይዙ ሲሰማ ግን ነገሩ ቀላል አለመሆኑ ይገባዋል። በጨዋታው ሳምንት በኦሃዮ ስቴት ግቢ በየሕንፃውና በየሰሌዳው ላይ ያለው «ኤም» የሚለው ፊደል በቀይ ፕላስተር ይሰረዛል። የባላንጣውን ስም መጥራት እንኳ የማይወዱ አሉ፤ «ያ የሰሜኑ ቡድን» ይሉታል። ቡናና ጊዮርጊስ በሚገናኙበት ቀን አዲስ አበባ ስታዲየም አካባቢ የነበረ ሰው ስሜቱን ለመረዳት አይቸገርም።

ፉክክሩ የእኛንም ቤት ያንኳኳል። ከ1980ዎቹ መጀመሪያ ጀምሮ (ዓመቶቹን የምጽፈው በሙሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው) የሁለቱ ዩኒቨርሲቲዎች ተማሪዎች፣ ሠራተኞችና ደጋፊዎች ከጨዋታው በፊት ባሉት ሳምንታት ማን ብዙ ደም እንደሚለግስ ይወዳደራሉ። ወቅቱ የታንክስጊቪንግ በዓል ሰሞን ነው፤ ሰው ወደ ዘመዶቹ የሚጓዝበት፣ ለጋሽ የሚሳሳበት። ሆስፒታል ግን በዓል የለውም። ቀይ የደም ሴል በማቀዝቀዣ የሚቆየው 42 ቀን ብቻ ነው፤ ፕላትሌት ደግሞ ከአንድ ሳምንት አያልፍም። ስለዚህ በጋ ላይ የሞላው መደርደሪያ ለበዓሉ አይደርስም። በእነዚያ ሳምንታት የሚመጣው ተማሪ፣ ከክፍል ወጥቶ ቦርሳውን እንደተሸከመ የሚሰለፈው፣ ለእኛ ትልቅ ነገር ነው።

ከወንበሩ አጠገብ የሰማሁትን ይዤ፣ በኋላም ታሪኩን እያገላበጥሁ ስከታተለው አንድ ነገር አምኛለሁ። ይህን ፉክክር ከመቶ ዓመት በላይ ያቆየው ተሸናፊው ነው።

ታሪኩን ከኳስ በፊት የሚጀምሩት አሉ። በ1835 ሚሺጋን ገና ክፍለ ግዛት ሳትሆን በቶሊዶና በዙሪያዋ ባለው ቀጭን መሬት ከኦሃዮ ጋር ተጣላች። መነሻው የካርታ ስሕተት ነበር፤ የሚሺጋን ሐይቅ ደቡባዊ ጫፍ በትክክለኛ ቦታው ስላልተቀመጠ ድንበሩ ሁለት ቦታ ላይ ተሰመረ። ሁለቱም ወገኖች ሚሊሺያ አዘመቱ። የፈሰሰው ደም ግን በስለት የተወጋ የአንድ የሸሪፍ ረዳት ደም ብቻ ነው፤ እሱም ተርፏል። በመጨረሻ ቶሊዶ ለኦሃዮ ተሰጠች፤ ሚሺጋን በምትኩ የሰሜኑን ባሕረ ገብ መሬት ይዛ በ1837 ክፍለ ግዛት ሆነች። ሚሺጋኖች ጠፍ መሬት ተሰጠን ብለው አዝነው ነበር። ብዙም ሳይቆይ መዳብና ብረት ወጣበት።

የፉትቦሉ ፉክክር ሥሩ እዚያ ነው የሚሉትን ግን አልከተልም። ሁለቱ ዩኒቨርሲቲዎች የሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ በሚገኝባት በአን አርበር ከተማ መጀመሪያ የተጋጠሙት በ1897 ነው፤ የድንበሩ ነገር ካለቀ 60 ዓመት አልፎታል። ያን ቀን ሚሺጋን 34 ለ0 አሸነፈ። ከዚያ በኋላ የሆነውን ሳስብ የሚገርመኝ የኦሃዮ ልጆች ጽናት ነው። በመጀመሪያዎቹ 15 ግጥሚያዎች አንድ ጊዜ እንኳ አላሸነፉም፤ 13 ጊዜ ተሸንፈው ሁለት ጊዜ አቻ ወጡ። በ1902 የተሸነፉት 86 ለ0 ነው። እንደሚተረከው ፍሬድ ኮርኔል የተባለ ተጫዋች ዛሬም የሚዘመረውን የዩኒቨርሲቲውን መዝሙር የጻፈው ከዚያ ሽንፈት ሲመለሱ ባቡር ላይ ነው። እንዲህ ተደቁሶ በየዓመቱ ተመልሶ የሚሰለፍ ቡድን ባይኖር ኖሮ ሚሺጋን ከማን ጋር ይፎካከር ነበር?

የመጀመሪያው ድል የመጣው በ1919 ነው። ቺክ ሃርሊ የሚባል የኮሎምበስ ልጅ ቡድኑን መርቶ አን አርበር ላይ 13 ለ3 አሸነፉ። በሃርሊ ዘመን የተመልካቹ ቁጥር ከአሮጌው ሜዳ በላይ ስለሆነ ኦሃዮ ስቴት በ1922 ግዙፉን የፈረስ ኮቴ ቅርጽ ያለው ስታዲየም ሠራ። ለምርቃቱ የጋበዘው ሚሺጋንን ነው፤ ሚሺጋንም መጥቶ 19 ለ0 አሸንፎ ሄደ። ከአምስት ዓመት በኋላ ሚሺጋን በተራው አዲሱን ስታዲየሙን ሲያስመርቅ የጠራው ኦሃዮ ስቴትን ነው፤ አሁንም ሚሺጋን 21 ለ0 አሸነፈ። ቤቱን ለማስመረቅ ባላንጣውን የሚጠራ ሰው ባላንጣውን ያከብራል። ደጋፊው ምንም ቢል ይህን አልጠራጠርም።

ስለ 1950ው የበረዶ ጨዋታ የሰማሁት ከአንድ አዛውንት ለጋሽ ነው። ቀይ ኮፍያቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው ተጋደሙ። ክንዳቸውን አስሬ ደም ሥራቸውን በጣቴ ፈለግሁ፤ በዕድሜ የገፋ ሰው ደም ሥር ይሸሻል፣ ጎትቶ ማስያዝ ይፈልጋል። ቆዳውን በደንብ አጽድቼ መርፌውን ሳስገባ የመጀመሪያው ጥቂት ደም ለምርመራ ወደምትለየው ትንሽ ከረጢት ገባ። ዋናው ከረጢት ሚዛኑ ላይ ከግራ ወደ ቀኝ እየተወዛወዘ መሙላት ጀመረ። ግማሽ ሊትር ያህል እስኪሞላ አሥር ደቂቃ ገደማ ይወስዳል። እሳቸውም በእነዚያ ደቂቃዎች አባታቸው ስታዲየም ውስጥ ሆነው ያዩትን ነገሩኝ።

የኅዳር ቀን ነው፤ ኮሎምበስ በበረዶ ማዕበል ተመታች። ጨዋታው ይሰረዝ ቢባልም አልተሰረዘም፤ 50 ሺህ የሚሆን ሰው ቁጭ ብሎ አየ። የሜዳው መስመር በመጥረጊያ ካልተጠረገ አይታይም። በዚህ ጨዋታ አንድ ቡድን በአራት ሙከራ አሥር ያርድ ወደፊት ካልሄደ ኳሱን ይለቃል፤ ሚሺጋን ያን ቀን ጨዋታው እስኪያልቅ ያን አሥር ያርድ አንድ ጊዜ እንኳ ሊሞላ አልቻለም። ሁለቱም ቡድኖች ኳስ መያዙን ፈርተው በድምሩ 45 ጊዜ ወደ ተቃራኒው ሜዳ ለግተው ሰደዱት። ውጤቱን የወሰነው የተመለሰ ኳስ ነው። ኦሃዮ ሦስቱን ነጥብ ያገኘው ቦብ ሞምሰን ከተመለሰ የሚሺጋን ምት ባስገኘው ዕድል ነው። የሚሺጋኑን ታችዳውን (ትልቁን ነጥብ) ያገባው ደግሞ የመጀመሪያው አጋማሽ ሊያልቅ ከአንድ ደቂቃ በታች ሲቀረው የኦሃዮን ምት የመለሰው ቶኒ ሞምሰን ነው። ሁለቱ ወንድማማቾች ናቸው፤ የቶሊዶ ልጆች። ሚሺጋን 9 ለ3 አሸነፈ።

የኦሃዮው አሠልጣኝ ዌስ ፌስለር ከዚያ በኋላ ሥራውን ለቀቀ። በ1951 የተተካው ዉዲ ሄይስ ነው፤ እስከ 1978 ቆየ። ያ ሽንፈት ባይኖር ሄይስ መቼ ይመጣ ነበር እያልሁ አስባለሁ።

የሄይስን ዘመን ለማውራት ብዙ ለጋሽ አለኝ፤ የዚያ ትውልድ ሰው ሁሉ ስለ እሱ የሚናገረው አያጣም። በ1968 ሄይስ ሚሺጋንን 50 ለ14 ደበደበ፤ ጨዋታው ካለቀለት በኋላ ሳይቀር ተጨማሪ ሁለት ነጥብ ለማግኘት ሞከረ። በማግሥቱ ዓመት ሚሺጋንን ያሠለጠነው ቦ ሼምቤክለር ነው። ሼምቤክለር የኦሃዮ ተወላጅ ነው፤ ማያሚ የሚባል የኦሃዮ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ በሄይስ ሥር ተጫውቷል፤ ኮሎምበስም ውስጥ የሄይስ ረዳት ሆኖ ሠርቷል። የመምህሩን ልብ የሚያውቅ ተማሪ ማለት ነው። ኦሃዮ ስቴት 22 ጨዋታ በተከታታይ አሸንፎ አንደኛ ተብሎ ወደ አን አርበር ሄደ፤ ሼምቤክለር 24 ለ12 አሸንፎ ላከው። ሄይስም በተራው ያን ውጤት ምንጣፍ ላይ አስጽፎ ተጫዋቾቹን ዓመቱን ሙሉ በላዩ ላይ አስኬዳቸው፤ በ1970 ድሉን መለሰ። ከ1969 እስከ 1978 የነበሩት አሥር ግጥሚያዎች «የአሥር ዓመቱ ጦርነት» ይባላሉ። ሚሺጋን አምስት፣ ኦሃዮ አራት አሸነፉ፤ አንዱ አቻ ነው።

ያ አቻ የሚሺጋንን ሰው ዛሬም ያንገበግበዋል። በ1973 ሁለቱም ሳይሸነፉ ተገናኝተው 10 ለ10 ወጡ። የውድድር ዘመኑ መዝጊያ ወደሆነው የሮዝ ቦውል ጨዋታ መሄድ የሚችለው አንዱ ብቻ ስለነበረ ሁለቱም ያሉበት ሊግ ዩኒቨርሲቲዎች የስፖርት ኃላፊዎች ድምፅ ሰጡና ኦሃዮን መረጡ። የሚሺጋኑ ኳርተርባክ (የማጥቃቱ መሪ) የዴኒስ ፍራንክሊን የትከሻ አጥንት መሰበሩ አንድ ምክንያት ሆኖ ቀርቧል። ፍርዱ ልክ አልነበረም እላለሁ፤ ሜዳ ላይ ያልተለየን ነገር በድምፅ መለየት ለሁለቱም ስድብ ነው። ሊጉ ከ1975 ጀምሮ ከአንድ በላይ ቡድን ወደ እንዲህ ዓይነት የመዝጊያ ጨዋታዎች እንዲሄድ ፈቀደ። የተበደለው ወገን እሮሮ ሕግ አስለወጠ።

ከዚያ ወዲህ ያለውን በአጭሩ ልለፈው። ጆን ኩፐር ኦሃዮን ከ1988 እስከ 2000 ሲመራ ሌሎችን አብዛኛውን ጊዜ እያሸነፈ በሚሺጋን አሥር ጊዜ ተሸነፈ፤ ያሸነፈው ሁለቴ ብቻ ነው። የዚያን ዘመን ሕመም ለመጠገን የመጣው ጂም ትረስል የፉክክሩን ሚዛን ገለበጠው፤ ከ2004 እስከ 2019 ሜዳ ላይ ከተደረጉት 16 ግጥሚያዎች 15ቱን ያሸነፈው ኦሃዮ ነው። በ2020 በወረርሽኙ ምክንያት ጨዋታው ሳይደረግ ቀረ፤ ከ1918 ወዲህ እንዲህ ሆኖ አያውቅም ነበር። በ2021 ሚሺጋን ተነሣ፤ አራት ዓመት በተከታታይ አሸነፈ። የ2024ቱ ከባድ ነበር፤ ማንም ያልጠበቀው ሚሺጋን እዚሁ ኮሎምበስ ውስጥ 13 ለ10 አሸነፈ። ባንዲራ ሜዳው መሐል እንትከል በሚል ተጫዋቾች ተደባደቡ፤ ፖሊስ የሚያቃጥል ርጭት ረጨ፤ ሁለቱም ዩኒቨርሲቲዎች እያንዳንዳቸው 100 ሺህ ዶላር ተቀጡ። ይህን የሚያስመካ አድርገው የሚያወሩ ለጋሾች ሰምቻለሁ። እኔ አፍሬበታለሁ። ያ የተደቆሰ የኦሃዮ ቡድን ግን ከሁለት ወር ባልበለጠ ጊዜ ውስጥ፣ በጃንዋሪ 2025፣ የአገሪቱን ዋንጫ አነሣ። በዚያው ዓመት ኅዳር አን አርበር ሄዶ 27 ለ9 አሸነፈ።

በደሙ ውድድርም ተሸናፊ አለ። ውጤቱ ሲነገር ከሁለቱ አንዱ ወገን ያኮርፋል፤ አስተባባሪዎቹ ተማሪዎች የሚመጣውን ዓመት በዚያው ቀን ማቀድ ይጀምራሉ። እኔ ግን የተሸናፊውን ከረጢቶች ሳይ እያንዳንዳቸው ተመርምረው፣ ተለያይተው፣ መለያ ተለጥፎባቸው እንደ አሸናፊዎቹ ሁሉ ወደ ሆስፒታል ሲጫኑ ነው የማየው። ከሽንፈት በኋላ «በሚቀጥለው ዓመት እናሳያቸዋለን» ብሎ በ56 ቀኑ፣ ማለትም ሕጉ ደም መልሶ ለመስጠት በሚፈቅድለት ቀን፣ የሚመጣ ተማሪ ሲያጋጥመኝ ደስታዬ ልክ የለውም።

በኮሎምበስ፣ በአን አርበር፣ በዲትሮይት ለምትኖሩ ወገኖቼ አንድ ልመና አለኝ። ሲክል ሴል የተባለው በዘር የሚተላለፍ የደም ሕመም ያለባቸው ሰዎች ደጋግመው ደም ስለሚወስዱ ከደማቸው ጋር በጣም የተቀራረበ ደም ያስፈልጋቸዋል፤ ይህ ደግሞ በብዛት የሚገኘው ከአፍሪካ ዝርያ ካላቸው ለጋሾች ነው። ብዙዎቻችሁ «እኛ ከወባ አገር ስለመጣን አይቀበሉንም» ብላችሁ እንደምትቀሩ አውቃለሁ። ይህ ለዘላለም የሚቆይ ክልከላ አይደለም። ወባ ካለበት አገር መጥቶ እዚህ መኖር የጀመረ ሰው ሦስት ዓመት ይጠብቃል፤ ከሦስት ዓመት በላይ እዚህ ኖሮ አገር ቤት ለጥየቃ ደርሶ የመጣ ደግሞ ሦስት ወር። ክብደታችሁ 50 ኪሎ ወይም ከዚያ በላይ ከሆነ፣ ጤንነታችሁ ደኅና ከሆነና የደም ማነስ ከሌለባችሁ መታወቂያችሁን ይዛችሁ ኑ። ቁርስ በልታችሁ፣ ውኃ ጠጥታችሁ ኑ። የትኛውን ቡድን እንደምትደግፉ አንጠይቅም፤ በዚህ ኅዳር ግን የደም መስጫ ቀጠሯችሁን ከጨዋታው ቀን በፊት ያዙ።