የጓሳ ምድርና የመንዝ ሕዝብ፦ ስለ ሕዝብ ጥግግት አሰላል የቀረበ ማብራሪያ

በትምህርት ቤቶቻችን የሚሰጠው የጂኦግራፊ ትምህርት የሰዎችን አሰፋፈር ሲያስረዳ በምሳሌነት የሚጠቅሳቸው ብዙውን ጊዜ በወንዝ ዳር የተቆረቆሩ የብረት ከተሞች ናቸው። ማዕድኑና የድንጋይ ከሰሉ ባሉበት አቅራቢያ፣ ወንዝ ለማጓጓዣና ለማቀዝቀዣ በሚያገለግልበት ሥፍራ ፋብሪካ ይተከላል፤ ፋብሪካው ሠራተኛ ይስባል፤ ከተማውም ያድጋል። በአሜሪካ ሁለት ወንዞች ተገናኝተው የኦሃዮን ወንዝ በሚፈጥሩበት ሥፍራ የተመሠረተው ፒትስበርግ ለዚህ የታወቀ አብነት ነው። በ1950 እ.ኤ.አ. ከ670,000 በላይ የነበረው ነዋሪ በ2020 እ.ኤ.አ. ወደ 300,000 ገደማ ዝቅ ብሎ ተገኝቷል። ለዚህ መቀነስ ከዋነኞቹ ምክንያቶች አንዱ የብረት ፋብሪካዎቹ መዘጋት ነው። በአንድ ሀብት ላይ የቆመ ሥፍራ ያ ሀብት ሲደክም ሕዝቡም እንደሚቀንስ ከዚህ መረዳት ይቻላል።

ይህ ትምህርት ትክክል ቢሆንም ለእኛ ተማሪ ሩቅ ነው። በአንድ ሀብት ዙሪያ ስለ ሰፈረ ሕዝብ ለማስተማር ከሰሜን ሸዋ ሳይወጡ የተሟላ ምሳሌ ማግኘት ይቻላል። ይኸውም የመንዝ ጓሳ ነው። እዚህ ብረትና ከሰል የሉም፤ ያለው ሣር ነው።

የመልክዓ ምድሩ አቀማመጥ

መንዝ በደቡብ በሞፈር ወንዝ፣ በምዕራብ በአዳባይና በወንጪት፣ በሰሜን በቀጭኔ ወንዝ የተከበበ ደጋ ነው። በምሥራቅ በኩል ረጅም የተራራ ሰንሰለት ከኤፍራታ፣ ከግድምና ከቀወት ቆላ ይለየዋል። ወንዞቹ ገደሉን እየቦረቦሩ ስለሚወርዱ አገሩ በተፈጥሮ ምሽግ የታጠረ ይመስላል። በልማድ ማማ ምድር፣ ላሎ ምድርና ጌራ ምድር ተብሎ በሦስት ይከፈላል።

ጓሳ የሚገኘው በዚህ ምሥራቃዊ ተራራ ጀርባ ላይ፣ ከአዲስ አበባ በሰሜን ምሥራቅ 265 ኪሎ ሜትር ያህል ርቀት ላይ ነው። ስፋቱ 100 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ሲሆን ከፍታው ከባሕር ጠለል በላይ ከ3,200 እስከ 3,700 ሜትር ይደርሳል። በአገሬው አከፋፈል ውርጭ ከሚባለው የአየር ጠባይ ውስጥ የሚመደብ ነው። በበጋ ሌሊቶች መሬቱ አመዳይ ለብሶ ያድራል። ጤፍ በዚህ ከፍታ አይታሰብም፤ ከእህል ወገን ብርዱን ችሎ የሚወጣው ገብስ ነው፤ እርሱም ቢሆን በውርጭ የሚመታበት ዓመት ብዙ ነው።

ሥፍራው ስሙን ያገኘው በላዩ ከሚበቅለው ጓሳ ከተባለው ጠንካራ ሣር ነው። ሣሩ በጉብታ በጉብታ ሆኖ ያድጋል። በመካከሉ ጅብራ ቀጥ ብላ ትታያለች፤ ለማገዶ የሚፈለገው ጨረንፌም በቁጥቋጦነት ይገኛል። ዝናብ ሲዘንብ ይህ የሣር ምንጣፍ ውኃውን ይዞ በዝግታ ይለቃል። ከተራራው ጀርባ ወደ ምዕራብ የሚወርደው ውኃ በሞፈርና በወንጪት አድርጎ ከጀማ ጋር በመቀላቀል ወደ ዓባይ ይሄዳል፤ ወደ ምሥራቅ የሚወርደው ደግሞ ወደ አዋሽ ተፋሰስ ይገባል። ስለዚህ ጓሳ የሁለት ተፋሰሶች ራስ ነው ማለት ይቻላል። በበጋ ወራት በቆላው የሚፈሰው ምንጭ መጠን፣ ቆላው ሰው ጓሳን አይቶት ባያውቅም እንኳ፣ ከዚህ ሣር ጋር የተያያዘ ነው።

ሕዝቡና ሣሩ

የመንዝ ገበሬ ገብስ ይዘራል፤ በበልግም በመኸርም ዕድሉን ይሞክራል። እህሉ ሳይሆንለት ሲቀር የሚታደገው በጉ ነው። የመንዝ በግ አካሉ ትንሽ፣ ብርድ የሚችል፣ ላቱ ሰፋ ያለ፣ ሱፍ ያለው ዝርያ ነው። ከሱፉ ባናና ዝተት ይሠራል። በብርድ አገር ባና የሌለው ቤት ቤት አይባልም። ከ2009 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ደብረ ብርሃን ከሚገኘው የግብርና ምርምር ማዕከል ጋር በመተባበር ገበሬዎች አውራ በጎችን በጋራ እየመረጡ ዝርያውን የሚያሻሽሉበት ሥራ በመንዝ ተካሂዷል።

በጉ በድርቅ ጊዜ ግጦሽ የሚያገኘው ከጓሳ ነው። ሣሩ ግን ከመኖነት በላይ ጥቅም አለው። ቤት ይከደንበታል፤ ገመድ ይገመድበታል፤ ከዝናብ መከላከያ የሚሆን ጌሳ ይሠራበታል፤ ከጭቃ ጋር ተደባልቆ ግድግዳ ይለሰንበታል። ከሌላው ሣር ይልቅ በክዳንነት ብዙ ዓመት ስለሚቆይ በገበያም ይሸጣል። ስለዚህ መንዜው ከጓሳ የሚፈልገው አንድ ነገር ብቻ አይደለም፤ ፍላጎቶቹም እርስ በርሳቸው ይጋጫሉ። የክዳን ሣር ረጅም ሆኖ እንዲቆም ከተፈለገ ከብት ሊርቀው ይገባል፤ በጉ ግን የሚሻው ለጋውን ነው።

ይህን ግጭት ለመፍታት ከ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ጀምሮ ይሠራበት የነበረው ደንብ የቄሮ ሥርዓት ይባል ነበር። (ቃሉ በኦሮምኛ ከሚታወቀው ተመሳሳይ ድምፅ ካለው ቃል ጋር ግንኙነት እንዳለው ተደርጎ እንዳይወሰድ አስተማሪው ቢያሳስብ መልካም ነው።) በአፈ ታሪክ አስቦና ጌራ የተባሉ ሁለት አቅኚ አባቶች ይጠቀሳሉ፤ ጓሳም በእነርሱ ስም በሁለት ተከፍሎ ለየወገናቸው ተወላጆች በአጽመ ርስትነት ተያዘ። የሁለቱም ወገን ተጠቃሚዎች ጠባቂ አለቃ ይመርጣሉ፤ አለቃውም አባ ቄራ ይባላል። እርሱ ሥፍራው ከሦስት እስከ አምስት ዓመት ተዘግቶ እንዲቆይ ያደርጋል። ሣሩ መድረሱ ሲታመንበት፣ አብዛኛውን ጊዜ ድርቁ በሚበረታበት በየካቲት ወይም በመጋቢት፣ የሚከፈትበት ቀን ለሕዝብ ይነገራል። ክረምቱ ሲገባ፣ የሐዋርያት ጾም በሚፈታበት በሐምሌ 5 ቀን፣ ሁሉም ለቆ ይወጣል፤ ጓሳ እንደገና ይዘጋል። አጥቢያ አብያተ ክርስቲያናትም ደንቡን በማስከበር በኩል ከፍ ያለ ድርሻ ነበራቸው። ተላላፊው የሚደርስበት ቅጣት ከባድ ነበር።

እዚህ ላይ አንባቢው አንድ ነገር ልብ እንዲል ያስፈልጋል። ጓሳ አጥር አልነበረውም። የሚጠብቀው ዘመን ነበር፦ የሚዘጋበት ዘመንና የሚከፈትበት ዘመን። ሌላው ጠባቂው ዘር ቆጠራ ነው። ከአስቦ ወይም ከጌራ መወለዱን መቁጠር ያልቻለ ሰው በአቅራቢያው ቢኖርም ከጓሳ ድርሻ የለውም። በዚህም ሥርዓቱ የሣሩን ብቻ ሳይሆን የተጠቃሚውንም ቁጥር ይወስን ነበር። ይህ ለባለርስቱ ፍትሕ፣ ለሌላው ግን በደል ነበር። የሥርዓቱን ጥበብ የሚያደንቁ ጽሑፎች ይህን ሁለተኛውን ገጽታ ብዙ ጊዜ ይዘነጉታል።

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት እንዲሆን የወጣው አዋጅ ርስትን ሲሽር ቄሮም አብሮ ፈረሰ። ከዚያ በኋላ የመጠቀም መብት የሚመነጨው ከመወለድ መሆኑ ቀርቶ ከነዋሪነት ሆነ፤ ሥልጣኑም ወደ ገበሬ ማኅበራት ተላለፈ። በዕቅድ ቋንቋ ስንናገር፣ መሬቱ ሳይሰፋ፣ በአካባቢው የተወለደው ሰው ቁጥርም በአንድ ቀን ሳይጨምር፣ የጓሳ ተጠቃሚ ሕዝብ በአንድ አዋጅ ጨመረ። አባ ቄራ ስለሌለ የመዝጊያው ዘመን ተናጋ፤ ሣርና ማገዶም ያለ ወቅቱ ይቆረጥ ጀመር። የአካባቢው ሕዝብ በኋላ እንደገና ተሰባስቦ በየቀበሌው ተወካዮች አማካይነት መተዳደሪያ ደንብ አወጣ። ሥፍራውም በ2000ዎቹ ዓመታት በማኅበረሰብ የሚጠበቅ ጥብቅ ሥፍራ ሆኖ ከክልሉ መንግሥት ሕጋዊ ዕውቅና አገኘ። በዚህም አዲሱ ደንብ ከጥንቱ የወረሰው መዝጋትንና መክፈትን ነው፤ የዘር ቆጠራውን አልወረሰም።

ስለ ጥግግት አሰላል

በ1999 ዓ.ም. በተደረገው የሕዝብና ቤት ቆጠራ መሐል ሜዳ ዋና ከተማው የሆነው የመንዝ ጌራ ምድር ወረዳ ሕዝብ ከ100,000 በላይ ነበር፤ አብዛኛውም የገጠር ነዋሪ ነው። ከዚያ ቆጠራ ወዲህ ሌላ አገር አቀፍ ቆጠራ ስላልተካሄደ ዕቅድ አውጪዎች የሚጠቀሙት ግምትን ነው። በክፍል ውስጥ የሕዝብ ጥግግት የሚሰላው ሕዝቡን ለመሬቱ ስፋት በማካፈል ነው። በዚህ ስሌት ጓሳ ሰው የሌለበት ባዶ መሬት ሆኖ ይታያል፤ ካርታ የሚመለከት ዕቅድ አውጪም «ይህ ለምን አይታረስም?» ብሎ ሊጠይቅ ይችላል።

ጥያቄውን በቁጥር እንመልሰው። ጓሳ ወደ 10,000 ሄክታር ነው። ለ100,000 ሰው እኩል ቢከፋፈል ለአንድ ሰው 0.1 ሄክታር ይደርሰዋል። አምስት አባላት ያሉት ቤተሰብ ግማሽ ሄክታር፣ ማለትም ሁለት ጥማድ ያህል ያገኛል ማለት ነው። ያ መሬት ውርጭ የሚመታው፣ ተዳፋቱ የበዛ፣ አንዴ ሣሩ ከተነቀለ አፈሩን ክረምቱ የሚያጥበው መሬት ነው። ቤተሰቡ በምትኩ የሚያጣው ደግሞ የድርቅ ጊዜ ግጦሽ፣ ክዳን፣ ገመድ፣ ማገዶና የምንጭ ውኃ ነው። ይህን ሒሳብ የስድስተኛ ክፍል ተማሪ ሊሠራው ይችላል።

ባዶ ነው የሚባለው ሥፍራ ነዋሪም አለው። በኢትዮጵያ ብቻ የሚገኘው ጭላዳ በብዙ መንጋ ይሰማራበታል፤ በመላው ዓለም በመቶዎች ብቻ የሚቆጠረው ቀይ ቀበሮም እዚሁ ይኖራል። በ2015 እ.ኤ.አ. የታተመ በጓሳ የተደረገ ጥናት ቀይ ቀበሮ በጭላዳ መንጋ መካከል ሆኖ አይጥ ሲያድን ከ100 ሙከራ በ67ቱ እንደሚሳካለት፣ ለብቻው ሲሆን ግን በ25ቱ ብቻ እንደሚሳካለት አሳይቷል። ጭላዳው ሣር ይግጣል፤ ቀበሮው ጭላዳውን ሳይነካ በመካከሉ ያድናል። ለሳይንስ መምህር ከዚህ የተሻለ የአገር ውስጥ ምሳሌ ማግኘት ያስቸግራል።

አሁን በጓሳ ላይ የሚያንዣብበው ሥጋት ከሦስት አቅጣጫ ይመጣል። አንደኛው መሬት ያላገኘው ወጣት ነው። ከ1967 ዓ.ም. በኋላ የተወለደው ትውልድ የወላጁን ማሳ እየተካፈለ ማሳው ጠበበ፤ ስለዚህ እርሻ ወደ ተራራው ይወጣል፣ ወይም ወጣቱ ወደ ደብረ ብርሃንና ወደ አዲስ አበባ ይወርዳል። ሁለተኛው ማገዶ ነው። ሦስተኛው ግን ጠላት የማይመስለው ቆርቆሮ ነው። ቤቱን በቆርቆሮ የከደነ ገበሬ የጓሳ ክዳን አያስፈልገውም። የቤቱ ንጽሕናና ጥንካሬ ተሻሽሏልና ይህን ማንም ሊነቅፈው አይገባም። ነገር ግን ሣሩ ለሦስትና ለአምስት ዓመት ተዘግቶ እንዲቆም ምክንያት ከነበሩት ነገሮች ዋናው ክዳን ነበር። ለግጦሽ ብቻ የሚፈልገው ሰው ይህን ያህል የሚታገሥበት ምክንያት ያንሰዋል። ጎብኚ የሚያርፍበትን ማረፊያ ሕዝቡ በራሱ ማስተዳደሩ አዲስ ጥቅም ፈጥሯል፤ የጎብኚው ገቢ ግን በሰላምና በመንገድ ላይ የተመሠረተ ስለሆነ ሣር የሚያጭድ ሰው ከማጭዱ እንደሚያገኘው አስተማማኝ አይደለም።

በአካባቢው የሚያስተምሩ መምህራን ከተማሪዎቻቸው ጋር ሊያደርጉት የሚችሉት ቀላል ጥናት አለ። እያንዳንዱ ተማሪ በመንደሩ የሚገኙትን የሣር ክዳንና የቆርቆሮ ክዳን ቤቶች ይቁጠር፤ በእያንዳንዱ ቤት ስንት በግ እንዳለ፣ ገመዱና ማገዶው ከየት እንደሚመጣ፣ ከቤቱ ልጆች ስንቱ ማሳ እንዳላቸውና ስንቱ ወደ ከተማ እንደሄዱ ይመዝግብ። ቆጠራው በየሦስት ዓመቱ በዚያው መንደር ቢደገምና መዝገቡ በትምህርት ቤቱ ቢቀመጥ፣ የወረዳው ዕቅድ ክፍል ዛሬ በእጁ የሌለውን አኃዝ ያገኝበታል።