ፈረሰኛውና ቆመህ ጠብቀኝ

እዚህ ዶሓ ከፊሪጅ ቢን ማሕሙድ ተነስቶ ወደ ምሥራቅ፣ በሙሸይረብ በኩል አልፎ ሱቅ ዋቂፍ ለመድረስ መኪና አያስፈልግም። አመሻሽ ላይ ወደዚያ የሚወርድ ሐበሻ ስልኩን አውጥቶ ከሚያነሳቸው ነገሮች መካከል በድሮ ዘመን አለባበስ በፈረስ የሚዞሩት ፖሊሶች አይቀሩም። ዛሬ ለጎብኚ ዓይን የሚሆን ጌጥ ነው። ፈረስ፣ ደማቅ ልብስና ጠብመንጃ አብረው የዋሉበት ዘመን ግን ነበር፤ ያኔ ጌጡ ሥራ ነበረው። እዚህ የማስተዋውቃችሁ የዚያን ዘመን ፈረሰኛ ነው፤ የአውሮፓውን ቆንጠር አድርጌ፣ የእኛን ሰፋ አድርጌ።

ዶሓም ብትሆን የፈረሰኛ ታሪክ አላት። እ.ኤ.አ. በ1893 መጀመሪያ የበስራው የኦቶማን ገዥ መሕመድ ሐፊዝ ፓሻ ሁለት መቶ ያህል ፈረሰኛና እግረኛ አስከትሎ የኳታሩን ገዥ ሼክ ጃሲም ቢን ሙሐመድ አል ሣኒን ሊያስገብር መጣ። ድርድሩ አልሆን ሲል የሼኩን ወንድም አሕመድንና ሌሎች ታላላቅ ሰዎችን አሰረ፤ ጦሩንም በሌሊት ከከተማው በስተምዕራብ ወዳለው አል ወጅባ ላከ። ጦሩ እዚያ ተመትቶ ወደ ዶሓ ሸሸ። የነገሩ ፍጻሜ ነው የሚገርመው፤ የኦቶማን ፈረሰኞች በየብስ ወደ ሁፉፍ በሰላም እንዲመለሱ ተፈቀደላቸው፣ በልዋጩም የታሰሩት ተፈቱ። እግረኛን ሲያስጨንቅ የኖረ ፈረሰኛ እዚህ ላይ መደራደሪያ ሆኖ ቀረ። እ.ኤ.አ. በ1992 የተቋቋመው የአል ሸቀብ የፈረስ ማዕከልም ቦታውን ከዚያ ውጊያ ጋር አያይዞ ያነሳል።

ፈረሰኛው እዚህ ደረጃ ላይ እንዴት እንደደረሰ ለመረዳት ከጠብመንጃው መጀመር ይሻላል። የዱሮው ነፍጥ በአፈሙዙ ነበር የሚጎርሰው። ባሩዱ ይፈስሳል፣ እርሳሱ ይከተላል፣ በዘንግ ይጠቀጠቃል፤ ከዚያ ጥቂት ባሩድ በቃታው አጠገብ ባለው ጎድጓዳ ይነሰነሳል። የመጀመሪያዎቹ ነፍጦች የሚለኮሱት በሚጨስ ክር ነበር፤ ዝናብ ከመጣ ክሩም ባሩዱም ይበላሻል። በኋላ አውሮፓውያን በባልጩት ብልጭታ የሚተኮሰውን አወጡ። በዚህኛው እንኳ እጁ የፈታ ወታደር በደቂቃ ሁለቴ፣ ቢበዛ ሦስቴ ነው የሚተኩሰው። ከመቶ ሜትር በላይ ያለን አንድ ሰው ለይቶ መምታት ደግሞ የዕድል ጉዳይ ነበር። አባቶቻችን ይህን ዓይነቱን መሣሪያ «ቆመህ ጠብቀኝ» አሉት፤ ከዚህ የተሻለ ቴክኒካዊ መግለጫ አላየሁም።

ፈረስ ደግሞ ቆሞ አይጠብቅም። በሙሉ ግልቢያ መቶ ሜትርን አሥር ሰከንድ ገደማ ይጨርሰዋል። ነፍጠኛው አንዴ ይተኩሳል፤ መታም ሳተም ሁለተኛውን ሳያጎርስ ፈረሱ ደረቱ ላይ ደርሷል። ስለዚህ ጠብመንጃ ከመጣ በኋላም ፈረሰኛ ሦስት መቶ ዓመት ያህል የጦር ሜዳ ጌታ ሆኖ ኖረ። አውሮፓውያን እግረኛቸውን ለማዳን መጀመሪያ ረጃጅም ጦር የያዙ ሰዎችን ከነፍጠኛው ጎን አቆሙ፤ በ17ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ላይ ሳንጃ ሲመጣ ነፍጠኛው ራሱ ጦረኛ ሆነ። ፈረሰኛ ሲመጣ በአራት ማዕዘን ተሰልፎ ሳንጃውን ወደ ውጭ ይቀስራል። ፈረስ ሰው አይደለም፣ ለንጉሥ ክብር ብሎ የብረት አጥር ላይ አይዘልም። እ.ኤ.አ. ሰኔ 18 ቀን 1815 በዋተርሉ የፈረንሳዩ ማርሻል ኔይ በሺዎች የሚቆጠሩ ፈረሰኞችን ደጋግሞ በእንግሊዝ እግረኛ ላይ ለቀቀ፤ አራት ማዕዘኖቹ ግን አልተበተኑም።

አሁን ወደ ልብሱ። የዛሬ ወታደር እንዳይታይ ይለብሳል፤ የዚያን ጊዜው እንዲታይ ነበር የሚለብሰው። ምክንያቱ ጭሱ ነው። የጥቁር ባሩድ ጭስ ሜዳውን ጉም አልብሶት አዛዡ የትኛው የእሱ፣ የትኛው የጠላት እንደሆነ መለየት ይቸገራል። እንግሊዞች ቀይ፣ ኦስትሪያውያን ነጭ፣ ፕሩሲያውያን ሰማያዊ ያለበሱት ለዚሁ ነው። ቁልፉ ላይ ሳይቀር የክፍለ ጦሩ ቁጥር ይቀረጽ ነበር። ፈረሰኛው ግን ከዚህም አልፎ ጌጠኛ ሆነ። ከሃንጋሪ የመጣው ሁሳር ሁለተኛ ካፖርት በአንድ ትከሻው ያንጠለጥላል፤ ኪራሲየር የሚባለው በደረቱ ብረት ይለብሳል፤ የፖላንዱ ባለክንፍ ሁሳር ደግሞ ከኮርቻው ኋላ ላባ የተሰካበት ክንፍ ተክሎ በትከሻው የነብር ቆዳ ይደርብ ነበር። እ.ኤ.አ. በመስከረም 1683 ቪየናን በከበበው የኦቶማን ጦር ላይ ከኮረብታው እየጋለቡ የወረዱት እነዚህ ናቸው።

የነብር ቆዳ ሲባል አንባቢዬ ወዴት እንደሄደ አውቃለሁ። የአበሻ ፈረሰኛም ለምድ ለብሶ ነው የሚዘምተው፤ የአንበሳ፣ የነብር፣ የገሰላ። ራሱ ላይ የአንበሳ ጎፈር፣ ክንዱ ላይ ቢተዋ፣ እጁ ላይ በብር ያጌጠ የጎሽ ወይም የጉማሬ ቆዳ ጋሻ። ሁለት ወይም ሦስት ጦር ይይዛል፤ አንዱን ይወረውራል፣ ሌላውን ለመውጋት ያስቀራል። ጎራዴው በቀኝ ጎኑ ነው። እርካቡ ትንሽ ቀለበት ናት፤ ጫማ አያስገባባትም፣ አውራ ጣቱን ነው የሚያጠልቅባት። አውሮፓዊ መንገደኞች ይህንን አይተው ይሳለቁ ነበር፤ ለመዝለልና ለመውረድ ግን ከቦት ጫማ ይልቅ ባዶ እግር ቀልጣፋ ነው።

ልዩነቱ ቆዳው ላይ ሳይሆን አሰጣጡ ላይ ነው። በአውሮፓ ልብሱን መንግሥት ለሁሉም እኩል ቆርጦ ያድላል፤ እኛ ዘንድ ለምዱና ጎፈሩ በግዳይ፣ በሹመትና በሽልማት የሚገኝ የአንድ ሰው ክብር ነው። ክፍሉን የሚለየው የፈረስ ስም ነበር። የቴዎድሮስ ወታደር በአባ ታጠቅ፣ የዮሐንስ በአባ በዝብዝ፣ የአሉላ በአባ ነጋ፣ የምኒልክ በአባ ዳኘው ይፎክራል። በጭስ መካከል ዓይን በማይሠራበት ሰዓት ጆሮ ይሠራል። ከአውሮፓው ባለቁጥር ቁልፍ ይልቅ ይህ የተሻለ ዘዴ ይመስለኛል፤ ቢያንስ በሩቅ ይሰማል።

በንጉሡ ዙሪያ ደግሞ ጨዋታው ተገልብጦ ነበር። ሊቀ መኳስ የሚባለው ባለሥልጣን በጦር ሜዳ ልክ እንደ ንጉሡ ለብሶ፣ እንደ ንጉሡ በተሸለመ ፈረስ ላይ ሆኖ ይሰለፋል፤ ጠላት ሁለት ሦስት ንጉሥ አይቶ ማንን እንደሚያነጣጥር እንዲጠፋው። የአንድ ዓይነት ልብስ ጥቅም እኛ ዘንድ ይኸው ነበር። ለዐፄ ቴዎድሮስ ይህን ማዕረግ ከያዙት አንዱ እንግሊዛዊው ጆን ቤል ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1860 በውጊያ ላይ ንጉሡን ሲከላከል ሞተ። በዐድዋ ዘመን መድፈኛውን የመሩት ሊቀ መኳስ አባተም ስማቸው ከዚሁ ማዕረግ ጋር ነው የሚጠራው።

ነፍጥና ፈረስ በአገራችን የተገናኙበት ታሪክ ረጅም ነው። በ1541 እ.ኤ.አ. ክሪስቶቫው ዳ ጋማ አራት መቶ ያህል ፖርቱጋላውያን ይዞ በምፅዋ ወረደ፤ ግራኝ አሕመድ ደግሞ ከዘቢድ የኦቶማን ነፍጠኞችን አስመጣ፤ ከዚያ በኋላ ባሩድ ከአገሩ አልወጣም። ነገር ግን ነፍጡ በአንድ በር ነበር የሚገባው፤ በምፅዋ። ስለዚህ ትግራይ የነፍጠኛ አገር ሆነች። ፈረሱ ደግሞ ሣር ባለበት ደጋና ሜዳ፣ በበጌምድር፣ በጎጃም፣ በየጁ፣ በወሎና በሸዋ ነው። የጎንደር ዘመን መጨረሻና የዘመነ መሳፍንት ፖለቲካ ግማሹ ይህ ጂኦግራፊ ነው ብል ብዙ አልሳሳትም።

የትግራዩ ራስ ሚካኤል ስሑል ጎንደርን የያዙት በነፍጥ ብዛት ነው። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ በዚያ ዘመን ከተማው ውስጥ ነበር፤ በነፍጥ ችሎታው ከሚኮራ የጦር አለቃ ጋር ተከራክሮ፣ በእርሳስ ፈንታ የጧፍ ቁራጭ አጉርሶ ሦስት ጋሻ በአንድ ጥይት እንደበሳ ጽፏል። ጋሻ ለነፍጥ መድኅን አለመሆኑን እንግዲህ ሁሉም አይቷል። ሆኖም በግንቦት 1763 ዓ.ም. በሰርባኩሳ ሜዳ ራስ ሚካኤል ከበጌምድሩ ወንድ በወሰንና ከአማራው ጎሹ ፈረሰኞች ጋር ተደጋጋሚ ውጊያ ገጥመው አልቻሉም። ወደ ጎንደር ተመልሰው ተከበቡ፣ እጃቸውንም ሰጡ።

ስድሳ ዓመት ቆይቶ ያው ነገር ተደገመ። በየካቲት 1823 ዓ.ም. የዓጋመው ደጃዝማች ሱባጋዲስ ወልዱ በነፍጠኞቻቸው ተማምነው፣ የየጁው ራስ ማርዬ ጉግሳ ደግሞ በፈረሰኞቻቸው፣ በተከዜ አካባቢ በደብረ ዓባይ ተገናኙ። ራስ ማርዬ በውጊያው ሞቱ፤ ድሉ ግን የፈረሰኞቻቸው ሆነ፣ ሱባጋዲስም ተይዘው ተገደሉ። ሁለቱም አለቆች የጠፉበት እንዲህ ያለ ጦርነት አሸናፊው ማን ነው ቢባል ፈረሱ ነው። የእኛ ነፍጠኛ ሳንጃም አራት ማዕዘንም አልነበረውም፤ ነፍጡም ባለክር ነበር። አንዴ ከተኮሰ በኋላ ለጦር የተጋለጠ ሰው ሆኖ ይቀራል።

ይህን ጉድለት ያየው ካሳ ኃይሉ ነው፣ በኋላ ቴዎድሮስ። በ1840 ዓ.ም. በደባርቂ ከምሽግ ውስጥ በሥርዓት የሚተኩስ የግብፅ ጦርና መድፍ ሠራዊቱን አጨደበት። ካሳ ከዚያ በኋላ ወታደሩን ማሠልጠንና መድፍ ማሠራት ያላቋረጠው ለዚህ ነው። ከሃያ ዓመት በኋላ ግን የመጣበት ሌላ ዓይነት ጠብመንጃ ነበር።

ሚያዝያ 3 ቀን 1860 ዓ.ም. በመቅደላ ሥር፣ በአሮጌ ሜዳ፣ ፊታውራሪ ገብርዬ የመሩት የቴዎድሮስ ጦር ከአምባው ወርዶ ንጉሡን ሊወጉ በዘመቱት እንግሊዞች ላይ ሮጠ። ስሌቱ የጥንቱ ነው፤ አንዴ ተኩሰው እስኪያጎርሱ ድረስ መድረስ። ሰዎቹ ግን የያዙት ከኋላ የሚጎርሰውን፣ እኛ በኋላ ሰናድር ያልነውን፣ በደቂቃ አሥር ጊዜ የሚተኩሰውን ጠብመንጃ ነው። ከቴዎድሮስ ወገን ሰባት መቶ ያህል ሰው ወደቀ፤ ገብርዬም እዚያው ቀሩ። ከእንግሊዞች የቆሰለው ሃያ ሰው ነው፤ ከእነዚህም የሞተው ሁለት። የሰናድር የመጀመሪያ ትልቅ ሥራው በእኛ ላይ ነው የተሠራው።

በዚያው ዘመቻ አንድ ሌላ ነገር ተከስቷል፤ ብዙ ሰው አያስተውለውም። ከሕንድ የመጡት ወታደሮች አፈርማ ካኪ ለብሰው ነበር፤ ካኪ ከሕንድ ወጥቶ በባሕር ማዶ ጦርነት ላይ ሲታይ ይህ የመጀመሪያው ነው። ፈጣን ጠብመንጃና የማይታይ ልብስ አብረው መቅደላ መጡ ማለት ነው። ጭስ የሌለው ባሩድ ከዚያ በኋላ ሲፈለሰፍ ቀይ ካፖርት ለሰልፍና ለሠርግ ብቻ ሆነ። እኛም ዘንድ ጎፈሩ ከጦር ሜዳ ወጥቶ ቤተ መንግሥት ገባ፤ በ1923 ዓ.ም. በዐፄ ኃይለ ሥላሴ ዘውድ በዓል ላይ መሳፍንቱ የአንበሳውን ጸጉር በወርቅ ከተጠለፈ የአውሮፓ ዓይነት ልብስ ጋር ደርበው የተነሱትን ፎቶ ያየ ሁለቱ ዓለም አንድ አካል ላይ ሲገናኝ ያያል። እኔ እንደማየው ጎፈሩ ነው የሚያምረው።

ፈረሱ ግን በአሮጌ አልሞተም። የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. በዐድዋ የጣሊያን ብርጌዶች መስመራቸው ከፈረሰ በኋላ፣ በማርያም ሸዊቶ ሸለቆ ውስጥ የገባውን የጄኔራል ዳቦርሚዳን ጦር ካሳደዱት ዋነኞቹ የኦሮሞ ፈረሰኞች ነበሩ። ቆሞ የሚተኩስን ፈጣን ጠብመንጃ ፈረስ ፊት ለፊት አይችለውም፤ ጀርባውን የሰጠ ሠራዊት ግን ከፈረስ አያመልጥም። ድሉ ወደ ሙሉ ድል የተለወጠው በዚህ ሥራ ነው፤ ስለ ዐድዋ ስናወራ መድፉንና ነፍጡን አብዝተን ፈረሱን ለምን እንደምናሳንሰው አይገባኝም።

የአገው ሰው ግን አላሳነሰውም። በአዊ ዞን፣ ከባሕር ዳር ወደ አዲስ አበባ በሚወስደው መንገድ ላይ ባለችው እንጅባራ፣ የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር በየዓመቱ ጥር 23 ቀን በጊዮርጊስ ዕለት በዓሉን ያከብራል። ማኅበሩ የተመሠረተው በ1932 ዓ.ም. ነው፤ በዐድዋና በአርበኝነቱ ዘመን ፈረስ ለዋለው ውለታ መታሰቢያ እንዲሆን። አባላቱ ዛሬ በአሥር ሺዎች ይቆጠራሉ። መተዳደሪያ ደንብ አለው፣ አለቃ አለው፣ እርቅና እድር ይሠራል፤ በበዓሉ ቀን ግን የሚታየው ጉግስና ግልቢያው ነው። ጉግስ ላይ በትሩ ሲወረወር ጋሻው እንዴት እንደሚመክት፣ አሳዳጁ ወደ ተሳዳጅነት እንዴት እንደሚገለበጥ ልብ ላለ ሰው የሰርባኩሳ ዘመን የጦር ስልት ከነሕይወቱ ፊቱ ላይ ነው። በጥር ወር እረፍቱን የሚወስድ የዶሓ ሰው ቀኑን አስቀድሞ ይያዝ፤ በፈረንጅ ጃንዋሪ 31 ላይ ይውላል፣ አልፎ አልፎ ፌብሩዋሪ 1፤ የእንጅባራ ሆቴሎች በዚያ ሰሞን ስለሚሞሉ ማደሪያ ቀደም ብሎ መፈለግ ነው።