ፍቅር፣ ጠብና ጥቃት በምዕራብ ሸዋ ጋብቻ

ከአዲስ አበባ ወደ ነቀምት በሚወስደው መንገድ ላይ ያሉት የአምቦ፣ የጉደርና የጌዶ ከተሞች፣ በዙሪያቸውም ያለው ገጠር፣ በአብዛኛው የሜጫ ኦሮሞ አገር ነው። በዚህ አገር የጋብቻ ልማድ ፍቅርና ጠበኛነት ጎን ለጎን ይታያሉ። ከዚህ ቀጥሎ የሚብራራው ሁለቱ በምን እንደሚተሳሰሩና ትስስሩ ከምን ላይ ሲደርስ እንደሚበላሽ ነው።

ፍቅርና ጠበኛነት ፈጽመው የተለያዩ ናቸው የሚለው አሳብ በሊቃውንት ዘንድ አልጸናም። ጀርመናዊው ጌኦርግ ዚመል በፈረንጆች አቆጣጠር በ1908 በጻፈው ሥራ፣ ሰዎች እጅግ በተቀራረቡ መጠን ጠባቸውም የመረረ እንደሚሆን አመልክቷል። ኮንራድ ሎሬንስ ደግሞ በ1963 ባሳተመው መጽሐፍ፣ በዝይዎች ዘንድ በጓደኛ ላይ ሊወርድ የነበረው ቍጣ ወደ ውጭ ዞሮ የሁለቱ ማሰሪያ እንደሚሆን ገልጧል። በአማርኛ «እግርና እግርም ይጋጫል» መባሉ ከዚህ አሳብ የራቀ አይደለም። ይሁን እንጂ የዝይ ጠባይ የሰውን ዱላ አያስረዳም፤ በሰው ዘንድ ቍጣን የሚገታውም የሚለቀውም ልማድ ነውና።

የሜጫ ሠርግ ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው። ሙሽራው ከሚዜዎቹ ጋር ወደ ሙሽራይቱ ቤት ሲደርስ የሙሽራይቱ ወገን ልጃገረዶች በዘፈን ይሰድቡታል፤ መልኩን፣ ድህነቱን፣ የሚዜዎቹን ሆዳምነት ያነሣሉ። የሙሽራው ወገንም በዘፈን ይመልሳል። ይህ ዐይነት ዘፈን በኦሮምኛ «አረብሶ»፣ ማለት ስድብ፣ ይባላል። በሌላ ቀን ቢነገር ደም የሚያፋስስ ቃል በዚያ ቀን በሣቅ ይታለፋል፤ ከዚያም ሁለቱ ወገኖች በአንድነት ይበላሉ። እንግሊዛዊው ራድክሊፍ ብራውን በ1940 ስለ ቀልድ ዝምድና በጻፈው ጥናት እንዳስረዳው፣ ጋብቻ ሁለት ወገኖችን ሲያገናኝ መለያየታቸውንም ስለሚገልጥ፣ ማንም የማይቀየምበት ስድብ ወዳጅነትንና ባላንጣነትን አብሮ ለመያዝ ይረዳል።

ከሠርጉም በኋላ ልማዱ ጠብ አይነሣም ብሎ አያስብም። የተበደለች ሚስት ኰብልላ ወደ አባቷ ቤት ትገባለች፤ ባልም ሽማግሌ ልኮ፣ ጥፋቱን አምኖ፣ ካሣ ሰጥቶ ይመልሳታል። ይህ እርቅ በኦሮምኛ «ጃርሱማ» የሚባለው የሽማግሌዎች ሥራ ነው። ስዊድናዊው ካርል ኤሪክ ክኑትሶን በ1967 ባሳተመው የሜጫ ጥናት እንደሚታየው፣ የቃሉም ሥልጣን በሕዝቡ ዘንድ ትልቅ ቦታ ነበረው። በኦሮሞ ዘንድ የሚታወቀው፣ ይበልጡንም በአርሲ ጸንቶ የታየው የ«ሲንቄ» ሥርዐት ደግሞ ለሴቶች የራሳቸውን ኀይል ይሰጣል። ሲንቄ ሙሽራ በሠርጓ ዕለት ከእናቷ የምትቀበለው በትር ነው። ባል ሚስቱን ከልማድ ውጭ ቢበድል ሴቶች በትራቸውን ይዘው፣ ቤታቸውን ትተው ይወጣሉ፤ ሽማግሌዎች መጥተው በዳዩ እስኪቀጣም ድረስ አይመለሱም።

«ቡቲ» የሚባለው ጠለፋ ግን ከዚህ ይለያል። ጎረምሳው ጓደኞቹን አስከትሎ ልጂቱን ከውሃ መንገድ ወይም ከገበያ ስትመለስ ይነጥቃታል፤ ከዚያ በኋላ ወደ አባቷ ሽማግሌ ይላካል። ሽማግሌዎቹ የሚያስታርቁት የሁለቱን ቤተ ሰብ ክብር ነው፤ የልጂቱ ፈቃድ ግን ብዙውን ጊዜ አይጠየቅም። ልጃገረድ በገዛ ፈቃዷ ወደ ወደደችው ሰው ቤት ገብታ የምትቀመጥበት «አሴና» የሚባል ልማድ መኖሩ፣ የሴት ምርጫ በዚያው ባህል ውስጥ የማይታወቅ ነገር እንዳልነበረ ያሳያል።

የጠለፋው ክፋት በነጠቃው ብቻ አያበቃም። ሙሽራ ወዳም ብትዳር ከወላጆቿ ስትለይ ማልቀስ ይገባታል፤ ተስማምተው የሚኰበልሉ ወጣቶችም የቤተ ሰብን ቍጣ ለማብረድ ነገሩን ጠለፋ ያስመስሉታል። ስለዚህ በእውነት የተጠለፈችው ልጅ ስትጮኽ ሰሚው እንደ ወግ ይቈጥርባታል። የወደደችው ልቅሶ ያልወደደችውን ጩኸት ሸፈነው ማለት ነው።

ሕጉም ይህን ልማድ ለብዙ ዘመን ታግሦት ነበር። በ1949 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ጠለፋን ቢቀጣም፣ ጠላፊው ከተጠለፈችው ጋር በሕግ የጸና ጋብቻ ከፈጸመ፣ ጋብቻው ካልፈረሰ በቀር ክስ እንዳይቀርብበት አድርጎ ነበር። ከ1997 ዓ.ም. ጀምሮ የሚሠራበት የወንጀል ሕግ ይህን በር ዘጋ፤ ጠለፋን ከ3 እስከ 10 ዓመት በሚደርስ ጽኑ እስራት ይቀጣል፤ በኋላ የተደረገ ጋብቻም ጠላፊውን ከተጠያቂነት አያድነውም። በትዳር ጓደኛ ላይ የሚፈጸመውን የኀይል ድርጊትም በስሙ ጠቅሶ ወንጀል አድርጎታል።

እንግዲህ መለያው ቍጣ መኖሩና አለመኖሩ አይደለም። ጠብ ሁለት ሰው ይፈልጋል፤ ጥቃት ግን አንድ ብቻውን የሚሠራው ነው። በስድብ ዘፈን ሁለቱም ወገኖች ይዘፍናሉ፤ በኩብለላና በሲንቄ ሚስት መልስ አላት፤ በጠለፋ ግን መልስ የመስጠት መብት ለአንደኛው ወገን ብቻ ቀርቷል። የፍቅርን ስም ለጥቃት የሚያውስ ልማድ ሲመረመር፣ መጀመሪያ ሊጠየቅ የሚገባው ጠላፊው ምን ያህል ወደዳት ሳይሆን፣ ልጂቱ «እንቢ» ብትል ማን ይሰማታል የሚለው ነው።