ልሳን ከማን ይወረሳል? በመተማ ቆላ ስለ አፍ መፍታት

ከጎንደር ከተማ በአዘዞና በጭልጋ አድርጎ ወደ ምዕራብ የሚወርደው መንገድ የደጋውን ነፋስ ወደ ኋላ ትቶ፣ ገንዳ ውኃን አልፎ፣ ሰሊጥና ጥጥ ማሽላም በሚበቅልበት ሰፊ ሜዳ ላይ ከተጓዘ በኋላ፣ ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ በ1881 ዓ.ም. ከደርቡሾች ጋር ሲዋጉ በወደቁባት በመተማ ያበቃል፤ ትንሹን ድልድይ ለተሻገረም ሰው ገላባት የምትባለው የሱዳን ከተማ ትቀበለዋለች። በዚህ ቆላ ዐማርኛ የብዙኃኑ ቋንቋ ሲሆን፣ የአገሩ ጥንታዊ ነዋሪ ጉሙዝ በድምፅ ከፍታና ዝቅታ የቃልን ትርጉም በሚለየው ልሳኑ ይነጋገራል፤ ከጭልጋ እስከ መተማ የሚኖረው የቅማንት ሕዝብ አባቶች ከአገው ልሳኖች አንዱ የሆነውን ቅማንትኛን ሲናገሩ ኖረዋል፤ ነጋዴው ከማዶው ሰው ጋር በሱዳን ዐረብኛ ይዋዋላል፤ በአረምና በአጨዳ ወራትም ከደጋው የሚወርደው የቀን ሠራተኛ የየአገሩን አነጋገር ይዞ ይመጣል። በ19ኛው መቶ ዓመት በመተማ ገበያ ላይ የሠለጠኑት ከዳርፉር ወገን የመጡ ተክሩሪዎች ነበሩና የልሳን መደባለቅ ለመተማ አዲስ ነገር አይደለም።

ሰው ልሳንን በምን መንገድ ገንዘቡ ያደርጋል የሚለው ጥያቄ ጥንቱን የነገሥታትና የሊቃውንት ጥያቄ ነበረ። የግሪኩ ታሪክ ጸሓፊ ሄሮዶቱስ እንደሚተርከው፣ የግብፅ ንጉሥ ፕሳሜቲኮስ ሁለት ሕፃናትን ለአንድ እረኛ ሰጥቶ፣ ማንም በፊታቸው ቃል እንዳይተነፍስ አዝዞ፣ ከአንደበታቸው በመጀመሪያ የሚወጣው ቃል የሰው ልጅ ጥንተ ልሳን የቱ እንደ ሆነ ይገልጥ ዘንድ ጠበቀ። ነገሩ ጭካኔ ያለበት ከመሆኑም በላይ መነሻው ስሕተት ነበረ፤ ልሳን ከባሕርይ ብቻ የሚፈልቅ ቢሆን ኖሮ የጉሙዙም የዐረቡም ሕፃን አንድ ቋንቋ በተናገሩ ነበርና። ከእርሱ ይልቅ ወደ እውነቱ የቀረበው ቅዱስ አውግስጢኖስ ነው። በ400 ዓ.ም. ገደማ በጻፈው የኑዛዜ መጽሐፉ፣ ላቲንን በሞግዚቶቹ ፈገግታና ጨዋታ መካከል ያለ አንዳች ፍርሃት እንደ ተማረ፣ ግሪክን ግን በዛቻና በቅጣት ሲማር እጅግ እንደ መረረው ያወሳል፤ የኛ ዘመን ተመራማሪዎች ሳያስቡት ቋንቋ መልመድና አስቦ ቋንቋ መማር ብለው የለዩአቸው ሁለቱ መንገዶች በዚህ የልጅነት ትዝታ ውስጥ አስቀድመው ተጽፈው ይገኛሉ።

በዘመናችን ክርክሩ የጋለው በ1957 ነው (ከዚህ በኋላ ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓ አቈጣጠር እጽፋለሁ)። በዚያ ዓመት አሜሪካዊው የሥነ ልቡና ሊቅ ስኪነር ባሳተመው መጽሐፍ፣ ሕፃን የሚናገረው የሰማውን በመምሰል፣ ደግሞም ቃሉ በትክክል በወጣለት ጊዜ የሚያገኘው ምስጋናና የፈለገው ነገር ልማዱን ስለሚያጸናለት ነው ሲል አስተማረ። ከሁለት ዓመት በኋላ ኖአም ቾምስኪ ይህን መጽሐፍ በብርቱ ነቀፌታ መርምሮ፣ ሕፃኑ በመጨረሻ የሚያውቀው ሰዋስው በዙሪያው ከሚሰማው ቍንጽልና የተቈራረጠ ንግግር እጅግ የሰፋ ስለ ሆነ፣ የሰዋስው መሠረት በሰው ተፈጥሮ ውስጥ አስቀድሞ የታተመ መሆን አለበት ብሎ ተከራከረ።

ለዚህ ክርክር ዐማርኛ ጥሩ ምስክር አለው። አፉን በመፍታት ላይ ያለ ሕፃን፣ ከበላ ብላ፣ ከሰማ ስማ፣ ከቀዳ ቅዳ እየተባለ ሲታዘዝ ይሰማና፣ ወንድሙን ወደ ራሱ ሊጠራ በፈለገ ጊዜ «ምጣ» ቢል፣ ይህን ቃል ከእናቱም ከአባቱም ከጎረቤትም አልሰማውም፤ ሁሉም የሚሉት «ና» ነውና። እንግዲህ ሕፃን የተጣለበትን ድምፅ እንደ ገደል ማሚቶ የሚመልስ ቢሆን ኖሮ «ምጣ» ሊል ባልቻለ ነበር፤ ከሰማው ውስጥ ሕግን አውጥቶ፣ ያንንም ሕግ ባልሰማው ላይ አውሎታል። በ1958 ዣን በርኮ የተባለች ተመራማሪ ይህንኑ ነገር በእንግሊዝኛ ተናጋሪ ሕፃናት ላይ አሳየች፤ ወፍ የሚመስል የልብ ወለድ ፍጥረት ሥላ፣ ማንም ከዚያ በፊት ያልሰማውን ስም አውጥታለት፣ ሁለት ሲሆኑ ምን ይባላሉ ብላ በጠየቀቻቸው ጊዜ አብዛኞቹ ልጆች የብዙ ቍጥሩን ምልክት ራሳቸው ጨመሩበት። የስኪነር ትምህርት ከዚህ ወዲህ በልሳን ሊቃውንት ዘንድ ብዙ ደቀ መዛሙርት አላገኘም። ይሁን እንጂ ሕጉን ለማውጣት የቾምስኪ ውርስ የግድ ያስፈልጋል ወይስ አያስፈልግም የሚለው ክርክር ዛሬም አልተቋጨም፤ ማይክል ቶማሴሎ በ2003 ባሳተመው መጽሐፍ፣ ሕፃን የተናጋሪውን አሳብ ለመረዳት ባለው ችሎታና ከሰማቸው ዐረፍተ ነገሮች መካከል ተመሳሳዩን እየለቀመ በማዋሐድ ሰዋስውን ጥቂት በጥቂት ይገነባል ሲል ተከራክሯል።

የሕፃኑ ጆሮ ሥራውን የሚጀምረው ከአንደበቱ በፊት መሆኑን ማወቅ ደግሞ ሌላ አስደናቂ ነገር ነው። ጃኔት ወርከርና ሪቻርድ ቲስ በ1984 እንዳረጋገጡት፣ በእንግሊዝኛ ተናጋሪ ቤት የተወለዱ ሕፃናት በስድስትና በስምንት ወራቸው የሕንድኛን እንዲሁም የአንድ የካናዳ ጥንታዊ ሕዝብ ልሳንን ድምፆች ይለያሉ፤ የዚህም ሕዝብ ድምፆች እንደ እኛ «ቀ» ጕረሮን ዘግቶ በመልቀቅ የሚነገሩ ናቸው። ዓመት ሊሞላቸው ሲቃረብ ግን በቤታቸው የማይሰማውን ልዩነት መስማት ይሳናቸዋል። ስለዚህ በመተማ ከጉሙዝ እናት የተወለደው ሕፃንና ከሱዳን እናት የተወለደው ሕፃን በመጀመሪያዎቹ ወራት ለዓለም ልሳናት ሁሉ የተከፈተ ጆሮ ይዘው፣ በዓመታቸው ግን እያንዳንዳቸው በየቤታቸው ድምፅ ላይ ጸንተው ይገኛሉ። በ1996 ደግሞ ጄኒ ሳፍራንና ባልደረቦቿ፣ የስምንት ወር ሕፃን ትርጉም የሌለውን ተከታታይ ድምፅ ለሁለት ደቂቃ ብቻ ከሰማ በኋላ፣ የትኛው ቀለም ከየትኛው ጋር ዘወትር እንደሚከተል አስተውሎ የቃላቱን ድንበር እንደሚለይ አስረዱ።

ከነዚህ ምርምሮች ሁሉ ለእኔ ትልቁ ግን ፓትሪሺያ ኩል በ2003 ያወጣችው ነው። የዘጠኝ ወር አሜሪካውያን ሕፃናት፣ ቻይናዊ ተናጋሪ በአካል እየመጣ በ12 ጊዜ ጨዋታና ንባብ ሲያነጋግራቸው፣ የቻይንኛን ድምፆች መለየት ችለዋል፤ ይኸው ሰው በቴሌቪዥን ወይም በድምፅ መቅረጫ ብቻ የቀረበላቸው ሌሎች ሕፃናት ግን ምንም አልተማሩም። ድምፁ አንድ ሆኖ ሳለ ሰውየው በመካከላቸው አለመገኘቱ ትምህርቱን ከንቱ አደረገው።

ሰው ከሕፃን ጋር የሚነጋገርበትን መንገድ አስቀድመው ካስተዋሉት ሊቃውንት አንዱ ከአገራችን ጋር ታሪክ አለው። ቻርልስ ፈርጉሰን በ1964 ዐረብኛን ጨምሮ በስድስት ልሳናት ዐዋቂዎች ከሕፃናት ጋር ሲነጋገሩ የሚመርጡትን አነጋገር አነጻጽሮ፣ ቃሉ እንደሚያጥር፣ እንደሚደጋገም፣ ዐረፍተ ነገሩም እንደሚቀል አስረድቷል፤ ከአራት ዓመት በኋላ ደግሞ የኢትዮጵያን ቋንቋዎች አጠቃቀም ለማጥናት በ1968 እና በ1969 ከተሠማሩት ተመራማሪዎች አንዱ ሆኖ፣ ውጤቱ በ1976 በመጽሐፍ ታትሟል። ከዚሁ ጥናት ሰዎች ሮበርት ኩፐርና ሱዛን ካርፐንተር በኢትዮጵያ ገበያዎች ሻጭና ገዢ በየትኛው ልሳን እንደሚገበያዩ መርምረዋል፤ ሀብተ ማርያም ማርቆስም የኢጣልያ ወረራ ትቶት የሄደውን፣ ማንም በትምህርት ቤት ያላስተማረውን ቀለል ያለ ጣልያንኛ ገልጦ ጽፏል።

የመተማ ነጋዴ ዐረብኛም ከዚሁ ወገን ነው። ላሪ ሰሊንከር በ1972 እንዳለው፣ ዐዋቂ ሰው ሁለተኛ ልሳን ሲማር ከአፍ መፍቻውም ከሚማረውም ልሳን የተለየ፣ የራሱ ሥርዓት ያለው መካከለኛ ልሳን ይገነባል፤ ጉዳዩም በዚያ ከተፈጸመለት ወደ ፊት ሳይራመድ በዚያው ይጸናል። ሰሊጡን በኩንታል የሚሸጥ ሰው የዋጋውን፣ የሚዛኑንና የመኪናውን ቃል ጠንቅቆ ካወቀ በኋላ የግሡን እርባታ ቢያፋልስ ገበያው አይቀርበትም። እስቲፈን ክራሽን በበኩሉ ልሳን የሚለመደው ተማሪው ከሚችለው ጥቂት ከፍ ያለውን ንግግር ሰምቶ ሲረዳ ነው፤ በቃል የተጠና ሰዋስው ግን የተነገረውን ከማረም አልፎ ልሳንን አይሰጥም ይላል። ይህ ትምህርት ለገበያው የሚስማማ ሆኖ ሳለ፣ የኛን ቅኔ ቤት የሚያውቅ ሰው ሙሉ በሙሉ ሊቀበለው አይችልም።

ግዕዝን አፍ መፍቻው ያደረገ ሕፃን ከጠፋ ብዙ መቶ ዓመታት አልፈዋል። ዳዊት የደገመው ተማሪ ቅኔ ቤት ገብቶ ግሱንና አገባቡን በቃሉ ያጠናል፤ ሁለት ቤት ካለው ጉባኤ ቃና ጀምሮ ስምንት ቤት እስካለው መወድስ ድረስ በየቀኑ አዲስ ቅኔ ቈጥሮ ለመምህሩ ይነግራል፤ መምህሩም ያርመዋል፤ በነገውም ያንኑ መድገም ስለማይፈቀድለት ሌላ ይቈጥራል። ሜሪል ስዌይን በ1985 በካናዳ የፈረንሳይኛ ተማሪዎችን አይታ፣ መስማት ብቻውን እንደማይበቃና ተማሪው ራሱ ንግግር ማውጣት እንደሚያስፈልገው በጻፈች ጊዜ፣ የኛ መምህራን ለዘመናት ሲሠሩበት የኖሩትን ነገር ተናገረች። የአገራችን የልሳን ትምህርት ሊቃውንት ይህን የቅኔ ቤት ሥርዓት ከውጭ ከሚመጣው ዘዴ እኩል ሊመረምሩት ይገባል።

ዕድሜን በሚመለከት ኤሪክ ሌነበርግ በ1967 ልሳን በተፈጥሮ የሚለመድበት ጊዜ ከጕርምስና ጋር ያበቃል ብሎ ነበር። ጃክሊን ጆንሰንና ኤሊሳ ኒውፖርት በ1989 ወደ አሜሪካ የፈለሱ 46 ቻይናውያንና ኮርያውያንን መርምረው፣ ከሰባት ዓመታቸው በፊት የደረሱት በሰዋስው እንደ አገሬው ሆነው አገኟቸው፤ ከዚያ በኋላ የደረሱት እንደ ዕድሜያቸው መጠን እየደከሙ ሄደዋል። በ2018 ወደ 670 ሺህ በሚጠጉ ሰዎች ላይ የተደረገው ምርመራ ግን ሰዋስውን የመልመድ ችሎታ እስከ 17 ዓመት ገደማ ሳይቀንስ እንደሚቈይ አመለከተ። የቊጥሩ ልዩነት ገና የሚያከራክር ነው። በሱዳን ጦርነት ከተነሣበት ከሚያዝያ 2023 ወዲህ በመተማ በኩል ለተሻገሩት፣ በኩመርና በአውላላ ጣቢያዎች ተጠልለው ለነበሩት ልጆች ግን ነገሩ ትልቅ ትርጉም አለው፤ ግሡን ከተሳቢው አስቀድሞ ከሚያኖረው ዐረብኛ ወጥተው ግሡን በመጨረሻ ወደሚያኖረው ዐማርኛ ለመግባት ትንሹ ልጅ ከእኩዮቹ ጋር መዋሉ ሲበቃው፣ ታላቅ ወንድሙ ግን ደግሞ አስተማሪ ያስፈልገዋል።

እነዚህ ሁሉ አስተያየቶች በሕፃኑ ራስ ውስጥ ስላለው ነገር ይለያያሉ፤ ሕፃኑን የሚያነጋግር ሰው ከሌለ ልሳን እንደማይወረስ ግን ሁሉም ይስማማሉ፤ ለዚህም የቅማንትኛ ዕጣ ብርቱ ማስረጃ ነው። በ1994 በተደረገው የሕዝብ ቈጠራ ቅማንት ነን ያሉት 172,327 ሲሆኑ፣ ቅማንትኛ አፍ መፍቻችን ነው ያሉት 1,650 ብቻ ነበሩ፤ ዘለዓለም ልየው በ2003 ባሳተመው ጥናት ይህ ልሳን በዐማርኛ እንዴት እንደ ተተካ በሰፊው ገልጦታል። የቅማንት ሕፃን እንደ አያቱ ሁሉ ሙሉ ተሰጥኦ ይዞ ይወለዳል፤ ጆሮውም በተወለደ በሁለተኛው ወር ለቅማንትኛ የተከፈተ ነው። የጎደለው በዚያ ልሳን «እሹሩሩ» የሚለው ሰው ነው።

ወላጆች ቅማንትኛን የተዉት ለልጃቸው ትምህርትና እንጀራ በመሥጋት መሆኑ የሚያስወቅሳቸው አይደለም፤ ይሁን እንጂ ሁለት ልሳን ሕፃንን ያደናግራል፣ ዐማርኛውንም ያበላሽበታል የሚለው ሥጋት በምርምር አልተደገፈም፤ ከሁለት ወላጆች ሁለት ልሳን የሚሰማ ልጅ ሁለቱንም ሊወርስ ይችላል። ስለዚህ በመተማና በቋራ ያላችሁ የጉሙዝ እናቶች፣ በቤታችሁ ልሳናችሁን ለልጆቻችሁ ተናገሩ፤ ዐማርኛውን ከሰፈርና ከትምህርት ቤት ያገኙታልና። በጭልጋና በመተማ ቅማንትኛ የምታውቁ አባቶችና እናቶችም፣ መቅረጫ ይዞ የሚመጣውን ተመራማሪ ከማስተናገዳችሁ በፊት፣ ገና አፉን ያልፈታውን የልጅ ልጃችሁን በጕልበታችሁ ላይ አስቀምጣችሁ በዚያ ልሳን አጫውቱት።